ዘረ መል፣ አእምሮና የእግዚአብሔር መልክ፦ ስቲቨን ፒንከርና የዝግመተ ለውጥ ሥነ ልቦና በአገልጋይ ዐይን

መግቢያ

ሰው ለምን ይቀናል? እናት ሕፃኗ ሲያለቅስ ከከባድ እንቅልፍ ለምን ትነቃለች? በየትኛውም የምድር ክፍል የሚኖር ሕዝብ ለምን ያመልካል? ቤተ ክርስቲያን እነዚህን ጥያቄዎች ስትመልስ የኖረችው ከፍጥረት፣ ከውድቀትና ከቤዛነት ትምህርት ተነሥታ ነው። ባለፉት ጥቂት ዐሥርት ዓመታት ግን ለእነዚሁ ጥያቄዎች ሌላ መልስ የሚሰጥ ትምህርት ከዩኒቨርሲቲ ግቢ ወጥቶ ወደ መጻሕፍት መደብር፣ ወደ ቴሌቪዥንና ወደ እጅ ስልካችን ደርሷል። ይህ ትምህርት የዝግመተ ለውጥ ሥነ ልቦና ይባላል። ወደ ሕዝቡ ካደረሱት ምሁራን መካከል ስሙ ቀድሞ የሚነሣው ደግሞ የሥነ ልቦናው ፕሮፌሰር ስቲቨን ፒንከር ነው።

መጋቢ ስለዚህ ጉዳይ ማወቅ ለምን ያስፈልገዋል? ምክንያቱም ፍሬው ወደ ምክር ክፍሉ እየመጣ ነው። አንዱ ትዳሩን ካፈረሰ በኋላ «ወንድ ነኝ፤ ተፈጥሮዬ ነው» ይላል። ሌላዋ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ደግሞ «መጸለይ አቃተኝ፤ እግዚአብሔር አንጎሌ የፈጠረው ሐሳብ ቢሆንስ?» ብላ ትጠይቃለች። ሁለቱም የፒንከርን መጽሐፍ ገልጠው አያውቁ ይሆናል፤ ሐሳቡ ግን ደርሷቸዋል። ያልተረዳነውን ትምህርት በመድረክ ላይ ብናወግዝ የመጀመሪያውን አናስተካክለውም፣ ሁለተኛዋንም አናጽናናትም።

በአገራችን የዝግመተ ለውጥ ጉዳይ አዲስ አይደለም። እ.ኤ.አ. 1974 በአፋር ሐዳር ድንቅነሽ ከተገኘች ወዲህ ልጆቻችን ስለ ሰው አመጣጥ የሚሰሙት በትምህርት ቤትም በሙዚየምም ነው። በወንጌላውያን መካከል በዚህ ጉዳይ የተለያየ አቋም እንዳለ ይታወቃል፤ ይህ ጽሑፍ ያንን ክርክር ለመፍታት አይሞክርም። ጥያቄያችን ከአጥንት ወደ አእምሮ የተሻገረውን ትምህርት ይመለከታል፦ ምን ይላል? ምኑን ልንቀበል እንችላለን? ከድንበሩ የሚያልፈውስ የት ላይ ነው?

ፒንከር ማን ነው?

ስቲቨን ፒንከር እ.ኤ.አ. 1954 በካናዳ ሞንትሪያል ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደ። በማክጊል ዩኒቨርሲቲ ከተማረ በኋላ የዶክትሬት ዲግሪውን በሃርቫርድ ተቀበለ። በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም ለረጅም ዓመታት ካስተማረ በኋላ ከ2003 ጀምሮ የሃርቫርድ ፕሮፌሰር ነው። ሕፃናት ቋንቋን እንዴት እንደሚማሩም ተመራምሯል። ራሱን አምላክ የለሽ ብሎ ይጠራል።

ለሰፊው ሕዝብ ከጻፋቸው መጻሕፍት አራቱን ማስታወስ ይበቃል። በ1994 ስለ ቋንቋ ደመ ነፍስ፣ በ1997 አእምሮ እንዴት እንደሚሠራ፣ በ2002 «ባዶ ሰሌዳ» ልንለው በምንችል ርእስ ስለ ሰው ተፈጥሮ፣ በ2011 ደግሞ ዓመፅ በታሪክ ውስጥ ቀንሷል ስለሚለው ሐሳቡ ጽፏል። የመጻሕፍቱ ኃይል አንድም ከአጻጻፉ ይመነጫል። ቀልድ ይወዳል፤ ምሳሌ ያበዛል፤ ከባዱን ምርምር ከጓዳና ከመንገድ በወሰደው ነገር ያስረዳል። አንባቢው የተማረ እንጂ የተሰበከ አይመስለውም። ስብከት የሚያዘጋጅ ሰው ይህን ልብ ሊለው ይገባል።

የትምህርቱ አጥንት

ቻርለስ ዳርዊን እ.ኤ.አ. በ1859 ባሳተመው መጽሐፉ መጨረሻ ላይ ሥነ ልቦና ወደፊት በአዲስ መሠረት ላይ እንደሚቆም ጠቁሞ ነበር። ይህን መሠረት ለመጣል በይፋ የተነሡት ግን ከመቶ ዓመት በኋላ የመጡ ተመራማሪዎች ናቸው። ከእነርሱ መካከል ሊዳ ኮስሚዲስና ጆን ቱቢ በ1992 ከጄሮም ባርኮ ጋር ያዘጋጁት የጥናት ስብስብ ለዘርፉ እንደ መመሥረቻ ሰነድ ይቆጠራል። ፒንከር በ1997 መጽሐፉ የእነርሱን ሐሳብ ለተራው አንባቢ ተረጎመ ማለት ይቻላል።

ሐሳቡ ሲጨመቅ እንዲህ ነው። አእምሮ አንጎል የሚሠራው ሥራ ነው፤ ሥራውም መረጃን መቀበልና ማስላት ነው። አእምሮ ሁሉን በአንድ መንገድ የሚያስብ አንድ መሣሪያ አይደለም፤ እያንዳንዱ ለየራሱ ተግባር የተሰናዳ ብዙ ክፍል ያለው ነው። እነዚህን ክፍሎች የቀረጻቸው ተፈጥሯዊ ምርጫ ነው፤ ማለትም አያቶቻችን በአደንና በለቀማ ይኖሩ በነበሩበት ረጅም ዘመን ለመትረፍና ለመውለድ የረዳቸው ዝንባሌ ወደ ልጆቻቸው ተላለፈ። ዛሬ በከተማ የሚኖር ሰው ከመኪና ይልቅ እባብን በቀላሉ መፍራቱና ጣፋጭ ነገር ጤናውን እየጎዳው እንኳ መመኘቱ ለዚህ እንደ ምሳሌ ይቀርባል።

ዘርፉ የሚኮራበትን አንድ ፈተና እንመልከት። አራት ካርዶች ጠረጴዛ ላይ አሉ፤ እያንዳንዱ በአንድ ወገን ፊደል፣ በሌላው ወገን ቁጥር አለው። የሚታዩት «ሀ»፣ «ለ»፣ 3 እና 7 ናቸው። ሕጉ «በአንድ ወገን ሀ ካለ በሌላው ወገን 3 መኖር አለበት» ይላል። ሕጉ መጣሱን ለማወቅ የትኞቹን መገልበጥ ያስፈልጋል? መልሱ «ሀ» እና 7 ነው፤ አብዛኞቹ ሰዎች ግን ይሳሳታሉ። ጥያቄው «አልኮል የሚጠጣ ሰው ዕድሜው መድረስ አለበት» በሚል ሕግ ሲቀየር ግን አብዛኞቹ ቢራ የያዘውንና ዕድሜው ያልደረሰውን መፈተሽ እንዳለባቸው ወዲያው ያውቃሉ። የሁለቱ ጥያቄ አመክንዮ አንድ ነው። ኮስሚዲስ በ1989 ባወጣችው ጥናት አእምሯችን ጥቅም ወስዶ ግዴታውን የሚሸሸውን ሰው ለመለየት የተሰናዳ ስለሆነ ነው አለች።

ሌሎቹ ሁለት ምሰሶዎች ስለ ፍቅርና ስለ መልካምነት ናቸው። ዊልያም ሃሚልተን በ1964 ፍጥረት ለሥጋ ዘመዱ የሚከፍለው መሥዋዕትነት በዘመድ አካል ውስጥ ያለውን የጋራ ዘረ መል እንደሚጠብቅ በሒሳብ አሳየ። ሮበርት ትሪቨርስ ደግሞ በ1971 ዘመድ ላልሆነ ሰው የሚደረግ ቸርነት ውለታ በመመላለስ እንዴት ሊጸና እንደሚችል አስረዳ። የእኛ ሰው ሁለቱንም በተረት ያውቃቸዋል፦ አንዱ «ዘመድ ከዘመዱ፣ አህያ ከአመዱ»፣ ሌላው «ብድር በምድር» ነው።

የምንስማማበት ቦታ፦ ሰው ባዶ ሰሌዳ አይደለም

ፒንከር በ2002 መጽሐፉ ሦስት ዘመናዊ እምነቶችን ይሞግታል። አንደኛው ሰው ሲወለድ ምንም ያልተጻፈበት ሰሌዳ ነው፣ ሁሉን የሚጽፍበት ኅብረተሰብ ነው የሚለው ነው። ሁለተኛው ሰው በተፈጥሮው ቅን ነው፣ የሚያበላሸው ሥልጣኔ ነው ይላል። ሦስተኛው በሥጋ ውስጥ ከሥጋ ፈጽሞ የተለየች ነፍስ ተቀምጣ ታዝዛለች የሚለው ነው። በተለምዶ የመጀመሪያው ከጆን ሎክ፣ ሁለተኛው ከዣን ዣክ ሩሶ፣ ሦስተኛው ከሬኔ ዴካርት ጋር ይያያዛል።

በዚሁ መጽሐፍ ከወጣትነቱ አንድ ታሪክ ያነሣል። መንግሥት ቢወገድ ሰዎች በሰላም ይኖራሉ ብሎ ያምን ነበር። እ.ኤ.አ. ጥቅምት 1969 የሞንትሪያል ፖሊሶች ሥራ አቆሙ፤ ገና ቀኑ ሳይመሽ ባንኮች ተዘረፉ፣ ሱቆች ተሰበሩ፣ እሳት ተነሣ። ሰላማዊ በምትባል ከተማ የሆነው ይህ ነገር የወጣቱን ተስፋ አፈረሰው።

ሥነ መለኮት የተማረ ሰው ይህን ሲያነብ መጽሐፈ መሳፍንትን ያስታውሳል። ነቢዩ ኤርምያስ የሰው ልብ ከሁሉ ይልቅ ተንኰለኛ እንደሆነ ተናግሯል (ኤር 17፥9)፤ ዳዊት በኃጢአት መፀነሱን ተናዘዘ (መዝ 51፥5)፤ ጳውሎስም የማይወደውን እንደሚያደርግ መሰከረ (ሮሜ 7፥15-20)። ሰው በትምህርትና በኑሮ መሻሻል ብቻ ይድናል ከሚለው ብሩህ ተስፋ ይልቅ ፒንከር በዚህ ነጥብ ለአውግስጢኖስ ይቀርባል። ራስ ወዳድነት፣ ቅናትና ወገንተኝነት ከውጭ የተጫኑብን ብቻ እንዳልሆኑ ሲናገር ልንቃወመው ምክንያት የለንም።

ልዩነቱ ግን መሠረታዊ ነው። ለእርሱ እነዚህ ዝንባሌዎች ለመትረፍ የጠቀሙ የተፈጥሮ ሥሪት ናቸው። ለእኛ ግን መልካም ሆኖ የተፈጠረ ሰው ከፈጣሪው በመለየቱ የገባ መጣመም ናቸው። መጣመም የሚባለው ቀድሞ ቀጥ ያለ ነገር ሲኖር ነው። ውድቀት ከሌለ «ሰው እንዲህ መሆን አልነበረበትም» ብሎ ማልቀስ አይቻልም።

ለተፋታው ወንድም የሚሰጠው መልስም እዚህ ላይ ይገኛል። ፒንከር ራሱ ተፈጥሯዊ የሆነ ሁሉ መልካም ነው ማለት ስሕተት እንደሆነ፣ አንድን ድርጊት ማስረዳትም ከጥፋተኝነት ነጻ ማውጣት እንዳልሆነ አጥብቆ ይጽፋል። ስለዚህ «ተፈጥሮዬ ነው» የሚለው ሰው የተደገፈው በሳይንስ ላይ አይደለም፤ አዳም በገነት ከተናገረው ሰበብ ጋር አንድ ነው።

በሳይንስ መንደር ውስጥ ያለው ክርክር

ብዙ ምእመናን ይህ ትምህርት ሳይንቲስቶች ሁሉ የተስማሙበት ይመስላቸዋል። እውነታው ሌላ ነው። ስቲቨን ጄይ ጉልድና ሪቻርድ ሌዎንቲን በ1979 ባቀረቡት የታወቀ ጽሑፍ የእያንዳንዱን ባሕርይ ጥቅም በግምት ተርኮ እንደ ማስረጃ ማቅረብን ነቀፉ። ምሳሌያቸው በቬኒስ የቅዱስ ማርቆስ ቤተ ክርስቲያን ቅስቶች መካከል ያሉት ሦስት ማዕዘን ቦታዎች ናቸው። በሚያምር ሥዕል ተሞልተዋል፤ ነገር ግን ለሥዕል ተብለው አልተሠሩም፣ ጉልላት በቅስት ላይ ሲቆም የግድ የሚተርፉ ናቸው። እንዲሁም ከሰው ባሕርያት ብዙዎቹ ለጥቅማቸው የተመረጡ ሳይሆኑ የሌላ ነገር ተጓዳኝ ውጤት ሊሆኑ ይችላሉ።

ፈላስፋው ጄሪ ፎዶር በ2000 ባሳተመው መጽሐፍ አእምሮ ፒንከር በሚለው መንገድ እንደማይሠራ ተከራከረ። ዳን ስፐርበርና ባልደረቦቹም በ1995 የካርዱን ፈተና ውጤት ሰዎች ንግግርን በሚረዱበት መንገድ ማስረዳት እንደሚቻል አሳዩ። በ2010 ደግሞ ጆሴፍ ሄንሪክና ሁለት ባልደረቦቹ የሥነ ልቦና ጥናት ተሳታፊዎች በአብዛኛው ምዕራባውያን፣ የተማሩና ባለጠጋ ከሆነ ኅብረተሰብ የመጡ መሆናቸውን አስታወሱ፤ እነዚህ ሰዎች የሰውን ዘር ሁሉ ሊወክሉ አይችሉም። በአሜሪካ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ላይ የተገኘ ውጤት ለቦረና እረኛም ይሠራል ከመባሉ በፊት መፈተን አለበት።

ይህን የምንጠቅሰው ዘርፉ በሙሉ ውድቅ ነው ለማለት አይደለም። ሳይንቲስቶች መከራከራቸው የሥራቸው ጠባይ ነው፤ እኛም የአንዱን ትችት እየመዘዝን የሌላውን ሁሉ ብንጥል ሐቀኞች አንሆንም። ትምህርቱ ግን የተጠናቀቀ ፍርድ እንዳልሆነ ተማሪዎቻችን ማወቅ ይገባቸዋል።

«እግዚአብሔር የአንጎል ውጤት ነው» ሲባል

ፒንከር በ1997 መጽሐፉ መጨረሻ ምዕራፍና በ2004 ባቀረበው ንግግር ሃይማኖትን በራሱ ለመትረፍ የጠቀመ ሥሪት አድርጎ አይቆጥረውም። ለሌላ ተግባር የተሰናዱ የአእምሮ ክፍሎች ተጓዳኝ ውጤት ነው ይላል። ሰዎች የሌላውን ሐሳብ ለመገመት የተዘጋጁ ስለሆኑ በማይታይ ቦታም ሐሳብ ያለው አካል ያያሉ፤ በበሽታ፣ በፍቅርና በጦርነት የሚያውቁት መላ ሲያልቅባቸው ደግሞ ወደ መንፈሳውያን ኃይላት ይዞራሉ።

ለዚህ የምንሰጠው የመጀመሪያ መልስ ቀላል የአመክንዮ ነጥብ ነው። አንድ እምነት በአእምሮ ውስጥ እንዴት እንደመጣ ማወቅ እምነቱ እውነት ወይም ሐሰት መሆኑን አይወስንም። ዐይን እንዴት እንደሚሠራ ማስረዳታችን ዛፉን ቅዠት አያደርገውም። ሒሳብም፣ ሳይንስም፣ አምላክ የለም የሚለው አቋምም የሚታሰቡት በዚሁ አንጎል ነው።

ሁለተኛው መልስ ከዘርፉ ውስጥ የመጣ ነው። ጀስቲን ባሬት ሃይማኖትን በአእምሮ ጥናት ከመረመሩ ቀደምት ተመራማሪዎች አንዱ ሲሆን ክርስቲያን ነው። በ2004 እና በ2012 ባሳተማቸው መጻሕፍት ሕፃናት ዓለምን ዓላማ እንዳለው ሥራ የማየትና ከሰው በላይ በሆነ አድራጊ የማመን ተፈጥሯዊ ዝንባሌ እንዳላቸው ያስረዳል። ያው መረጃ በፒንከር እጅ ሃይማኖትን ማራከሻ፣ በባሬት እጅ ግን እግዚአብሔር ሰውን እንዲያውቀው አድርጎ ሠራው ለማለት የሚስማማ ሆነ። ካልቪን በ«ተቋማት» መጽሐፉ መጀመሪያ ላይ በሰው ሁሉ ውስጥ የአምላክነት ስሜት እንደተተከለ አስተምሯል። ጳውሎስም በአቴና ሰዎች እግዚአብሔርን እንዲፈልጉ መፈጠራቸውን ሰበከ (ሐዋ 17፥26-27)።

እዚህ ላይ ግን ጥንቃቄ ያስፈልጋል። ተፈጥሯዊ ሃይማኖተኝነት ወንጌል አይደለም። ሮሜ 1 እንደሚያስተምረው ሰው ያንኑ እውቀት ይዞ ጣዖት ይሠራበታል። የአእምሮ ጥናት ሰው ለምን እንደሚያመልክ ሊነግረን ይችል ይሆናል፤ ክርስቶስ ከሙታን መነሣቱን ግን ማረጋገጥም ማፍረስም አይችልም፤ ያ በምስክሮችና በታሪክ የቆመ ነው።

ሦስተኛው መልስ ፈላስፋው አልቪን ፕላንቲንጋ ለዓመታት ያዳበረው ነው። አእምሯችን የተቀረጸው ለመትረፍ ብቻ ከሆነና ከበላዩ አሳቢ ከሌለ፣ ስለ ሩቅና ረቂቅ ነገር የሚነግረንን ለምን እናምነዋለን? ዳርዊን ራሱ በ1881 በጻፈው ደብዳቤ ተመሳሳይ ጥርጣሬ ገልጿል። አንበሳ ያለበትን ቦታ በትክክል ያወቀ ሰው ይተርፋል ብለው የሚመልሱ አሉ፤ መልሱም ክብደት አለው። ነገር ግን ከአንበሳ ወደ አምላክ መኖርና አለመኖር ስንሻገር ጥያቄው ይመለሳል። ፒንከር ራሱ የሰው አእምሮ የንቃተ ኅሊናንና የነጻ ፈቃድን ምሥጢር ለመፍታት የተሠራ ላይሆን እንደሚችል በ1997 መጽሐፉ ይቀበላል። በእነዚህ ፊት ትሕትና ከተገባ፣ በእግዚአብሔር ጉዳይ ላይ እርግጠኝነቱ ከየት መጣ?

ለተማሪዋ ይህን ሁሉ በአንድ ቀን መዘርዘር አያስፈልግም። ጥያቄዋ ኃጢአት እንዳልሆነ ነግሮ፣ የመጀመሪያውን ነጥብ አስረድቶ፣ አብሯት መዝሙረ ዳዊትን መጸለይ መልካም ጅማሬ ነው።

ዘረ መልን እምቢ የሚለው ማን ነው?

በዚያው መጽሐፍ ፒንከር በፈቃዱ ልጅ እንዳልወለደ፣ ጊዜውን ለንባብ፣ ለምርምር፣ ለወዳጆቹና ለተማሪዎቹ እንደሚሰጥ፣ ዘረ መሎቹ ይህን ባይወዱም ግድ እንደሌለው በቀልድ ይጽፋል። ቀልዱ ትልቅ ጥያቄ ይዟል። ዘረ መልን እምቢ የሚለው «እኔ» ማን ነው? ፒንከር ሳይንስና ግብረ ገብ ሁለት የተለያዩ ሥርዓቶች ናቸው፣ ሰው በአንዱ እንደ ማሽን፣ በሌላው እንደ ነጻ ኃላፊ ይታያል ይላል። ይህ ክፍፍል ለሥራ ይመች ይሆናል፤ ነገር ግን ኃላፊ የሆነው ሰው በእርግጥ አለ ወይስ እንዳለ አድርገን እንኑር? የሚለው ጥያቄ ሳይመለስ ይቀራል። መጽሐፍ ቅዱስ ሰውን በአንድነት ያየዋል፦ የምድር አፈር ነው፣ የእግዚአብሔርም እስትንፋስ አለበት (ዘፍ 2፥7)። ስለዚህ የአንጎል ጥናት አያስደነግጠንም፤ አፈር ብቻ መሆናችን ሲነገረን ግን ዝም አንልም።

ጉዳዩ በተግባር የሚታየው በሰው ክብር ላይ ነው። ፒንከር በ2008 በአሜሪካ መጽሔት ላይ ባወጣው ጽሑፍ በሕክምና ሥነ ምግባር ውስጥ የሰው «ክብር» የሚለው ሐሳብ ጥርት ያለ ትርጉም የሌለው መሆኑን፣ የሰውን በራሱ የመወሰን መብት ማክበር እንደሚበቃ ተከራከረ። ፈቃድን ማክበር መልካም ነው። ነገር ግን ገና መወሰን የማይችለው ሕፃን፣ የአእምሮ እድገት ውስንነት ያለበት ልጅ፣ ስሟን የረሳች አሮጊት በምን ይጠበቃሉ? የእግዚአብሔር መልክ በችሎታ የሚለካ ስላልሆነ የሰው ደም የተከበረ ነው (ዘፍ 9፥6)፤ ሰውን መራገምም የተከለከለው በዚሁ ምክንያት ነው (ያዕ 3፥9)። ይህን ትምህርት ከያዝን ደግሞ በጓዳ የተደበቁት ልጆች በጉባኤያችን የፊት ወንበር ሊያገኙ ይገባል።

ለአገልግሎታችን

ጌታ በሉቃስ 14፥12-14 ግብዣ ያዘጋጀውን ሰው ምን እንዳለው እንመልከት። ወዳጆችህን፣ ወንድሞችህን፣ ዘመዶችህንና ባለጠጎች ጎረቤቶችህን አትጥራ፤ እነርሱ መልሰው ይጠሩሃልና፤ ብድር ሊመልሱ የማይችሉትን ድሆችና አካል ጉዳተኞች ጥራ አለው። በዝርዝሩ ውስጥ ሁለቱም ምሰሶዎች አሉ፦ ዘመድነትና ብድር። ሃሚልተንና ትሪቨርስ ከመጻፋቸው አስቀድሞ ጌታ የሰውን ፍቅር ወሰን ያውቅ ነበር። በማቴዎስ 5፥46-47ም የሚወዱንን ብቻ ብንወድ ከቀራጮች እንደማንሻል ተናግሯል።

ስለዚህ የዝግመተ ለውጥ ሥነ ልቦና ሰው ለወገኑ ያደላል ሲል ወንጌል «ሐሰት ነው» ብሎ አይመልስም። ወንጌል የሚያውጀው ጠላቶች ሳለን የወደደን እንዳለ (ሮሜ 5፥10)፣ በእርሱም ባዕዳን የነበርን ልጆች ተብለን እንደተቆጠርን ነው። ለዘመድና ለብድር ብቻ የተበጀ የሚመስለውን ልብ መንፈስ ቅዱስ እንደገና ይወልደዋል። ፒንከር ለሰው መሻሻል ያለው ተስፋ በአስተሳሰብ፣ በንግድና በሕግ ላይ ነው። እነዚህ የእግዚአብሔር የጋራ ጸጋ ስጦታዎች ናቸው፤ አዲስ ልብ ግን አይሰጡም።

ይህን በመድረክ ከማወጃችን በፊት ግን አንድ ፈተና አለብን። በአጥቢያችን ሽማግሌ ሲመረጥ፣ እርዳታ ሲከፋፈል፣ ጠብ ሲዳኝ ሚዛኑን የሚደፋው ብሔርና ትውውቅ ከሆነ፣ ሰው ከዘመድና ከብድር አያልፍም ለሚለው ትምህርት ማስረጃውን የምንሰጠው እኛው ነን። ብድሩን ሊመልስ የማይችለው እንግዳ በማዕዳችን ሲቀመጥ ግን ያቺ ተማሪ ከመጽሐፍ የማታገኘውን መልስ ታያለች።